ኖታ የማያነበው አቀናባሪ

የፊልም ሙዚቃ ለረጅም ዘመን የወረቀት ሥራ ነበር። በሆሊዉድም ሆነ በለንደን አቀናባሪው የእያንዳንዱን ትዕይንት ርዝመት በሰከንድ ለክቶ ወደ ጠረጴዛው ይመለሳል፤ ኖታውን ይጽፋል፤ ገልባጮች የቫዮሊኑን፣ የጥሩምባውንና የከበሮውን ድርሻ ለየብቻ ይገለብጣሉ። ከዚያ ኦርኬስትራው ስቱዲዮ ይገባል፤ መሪውም ስክሪኑ ላይ ፊልሙን እያየ የተጻፈውን ያስጫውታል። ዳይሬክተሩ የፊልሙን ሙዚቃ በሙሉ ድምፁ የሚሰማው በዚያ ቀን ነበር። ባይወደው እንኳ ሙዚቀኛው ተቀጥሯል፣ ስቱዲዮው ተከራይቷል፣ የፊልሙ መውጫ ቀን ደርሷል።

ኖታ የማያነብ ሰው በዚህ ሥርዓት ውስጥ ቦታ ማግኘቱ ከባድ ነበር። ሆኖም በ1982 እ.ኤ.አ. (ሌሎቹም ዓመታት በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) የኦስካርን የፊልም ሙዚቃ ሽልማት የወሰደው ቫንጌሊስ ኖታ ማንበብን ያልተማረ፣ ሙያውን በሮክ ባንድ ውስጥ ኦርጋን እየተጫወተ ያዳበረ ግሪካዊ ነው። የእሱን መንገድ የተከተለ ሰው የፊልም ሙዚቃ ሙያ ከጠረጴዛና ከወረቀት ተነሥቶ ወደ ኪቦርድ የሄደበትን መንገድም አብሮ ያያል።

ሙሉ ስሙ ኢቫንጌሎስ ኦዲሴያስ ፓፓታናሲዩ ነው። ማርች 29 ቀን 1943 ቮሎስ ከተማ አጠገብ ባለችው አግሪያ ሲወለድ ግሪክ በወራሪ ጦር እጅ ነበረች። ገና በአራት ዓመቱ ፒያኖ መነካካት ጀመረ። ዜማ ከመጫወት ባልተናነሰ የሚማርከው ድምፅ መፈለግ ነበር፤ ምስማርና የወጥ ቤት ዕቃ በፒያኖው ክሮች መካከል እየከተተ የሚወጣውን ድምፅ ያዳምጣል፤ የራዲዮን ጩኸት ሳይቀር ለጨዋታው ይጠቀምበታል። ወላጆቹ ትምህርት ቢያስጀምሩትም ኖታው አልገባ አለው። የሰማውን በቃሉ ይዞ መጫወት ስለሚችል ወረቀቱን ሳያይ ያልፈው ነበር።

በ1963 አቴንስ ውስጥ ከጓደኞቹ ጋር ፎርሚንክስ የተባለውን ባንድ መሠረተ። ባንዱ የቢትልስን ዘመን ስሜት ወደ ግሪክ ወጣቶች አመጣ፤ በ1965 ያወጣው «ጄሮኒሞ ያንካ» የተባለው ዜማ ተወዳጅ ሆነ። በ1966 ግን ባንዱ ተበተነ። ወጣቱ ኦርጋን ተጫዋች በእነዚሁ ዓመታት ለጥቂት የግሪክ ፊልሞችም ሙዚቃ ሠርቷል።

ኤፕሪል 21 ቀን 1967 በግሪክ ወታደራዊ መፈንቅለ መንግሥት ተደረገ። ረጅም ፀጉርና የሮክ ሙዚቃ ሥልጣን በያዙት ኮሎኔሎች ዓይን የሚጠረጠሩ ነገሮች ሆኑ። ቫንጌሊስ በዚያ ወቅት አዲስ ባንድ እያሰባሰበ ነበር። በእስክንድርያ ተወልዶ ያደገው ዴሚስ ሩሶስ ድምፃዊና ቤዝ ጊታር ተጫዋች፣ ሉካስ ሲደራስ ድራመር፣ ሲልቨር ኩሉሪስ ደግሞ ጊታሪስት ሆኑ። ባንዱ በኋላ አፍሮዳይትስ ቻይልድ ተባለ። ዓላማቸው ለንደን መግባት ነበር። ኩሉሪስ ለውትድርና ግዴታ አገር ቤት ቀረ፤ የቀሩት ሦስቱ የሥራ ፈቃድ ስላልነበራቸው ብሪታንያ መግባት ተከለከሉ። በ1968 የጸደይ ወራት ፓሪስ ላይ ቆሙ። ፓሪስም በተማሪዎች ዓመፅና በሠራተኞች አድማ ታምሳ ነበር።

ለንደን የከለከለቻቸውን ዕድል ያገኙት በዚያ ግርግር መካከል ነው። በጀርመናዊው የ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አቀናባሪ ፓኼልቤል «ካኖን» ኮርዶች ላይ የቆመ፣ ግጥሙን ቦሪስ በርግማን የጻፈው «ሬይን ኤንድ ቲርስ» የተባለ ዘፈን ቀረጹ። ዘፈኑ በፈረንሳይና በሌሎች የአውሮፓ አገሮች እጅግ ተወደደ። አንድ ዓመት ሳይሞላቸው ስደተኞቹ ሦስት ግሪኮች በአህጉሩ የታወቁ ኮከቦች ሆኑ።

ዝናው ግን ባንዱን ለሁለት ከፈለው። ሩሶስና ሲደራስ መድረክ ላይ መዝፈኑን ወደዱ። ቫንጌሊስ በየከተማው እየዞሩ ያንኑ ዘፈን በየምሽቱ መደጋገም ሰለቸው፤ ሌሎቹ ለዝግጅት ሲወጡ እሱ ፓሪስ ስቱዲዮ ውስጥ መቅረት ጀመረ። በዚያ የተፀነሰው ሥራ የባንዱ ትልቁም የመጨረሻውም ሆነ፤ በራእየ ዮሐንስ ላይ የተመሠረተ፣ ኮስታስ ፌሪስ ግጥሙን የጻፈለት፣ «666» የሚል ስም የተሰጠው ባለ ሁለት ሸክላ አልበም ነው። ኩሉሪስም ለዚህ አልበም ተመልሶ መጣ። ቀረጻው በ1971 መጀመሪያ ቢያልቅም አሳታሚው ድርጅት ሥራው እንግዳ ሆነበት። ከሁሉ በላይ ያስደነገጠው ታዋቂዋ ተዋናይት ኢሬኔ ፓፓስ አንድ ዓረፍተ ነገር እየደጋገመች እስከ ጩኸት የምትደርስበት ክፍል ነበር። አልበሙ በ1972 ለገበያ ሲቀርብ ባንዱ አስቀድሞ ፈርሶ ነበር።

አፍሮዳይትስ ቻይልድ ሲፈርስ ሩሶስ ብቻውን እየዘፈነ በሚሊዮኖች የሚሸጥ ድምፃዊ ሆነ። ቫንጌሊስ ደግሞ ብዙ ሰው የማያይበት ሥራ ውስጥ ገባ። ፈረንሳዊው የዘጋቢ ፊልም ሠሪ ፍሬዴሪክ ሮሲፍ ስለ እንስሳት ለሚሠራው የቴሌቪዥን ተከታታይ ፊልም ሙዚቃ እንዲያዘጋጅለት ጠየቀው። ሥራው በ1973 «ላፖካሊፕስ ዴ ዛኒሞ» በሚል አልበም ወጣ፤ ትብብራቸውም «ላ ፌት ሶቫዥ» እና «ኦፔራ ሶቫዥ» በተባሉ ሥራዎች ቀጠለ።

የኋላው ቫንጌሊስ የተሠራው እዚህ ነው። አንበሳ የሚያደባበት ወይም ወፍ የሚነሣበት ትዕይንት ንግግር የለውም፤ ሙዚቀኛው የሚከተለው እንቅስቃሴውን ብቻ ነው። ቫንጌሊስ ምስሉን እያየ እጁን ቁልፎቹ ላይ ያሳርፋል፤ እንስሳው ሲቆም ይቆማል፣ ሲሮጥ ይከተላል። በባንድ ውስጥ ድራመሩን በዓይንና በጆሮ እየጠበቀ እንደሚጫወተው ሁሉ እዚህ ምስሉን ይጠብቃል። ኖታ አለማንበቡ በዚህ ሥራ ላይ ጉድለት አልሆነበትም። ከፊልሙ የሚያነሣ ወረቀት ስለሌለ ዓይኑ ከስክሪኑ አይነቀልም።

በ1974 «የስ» የተባለው የብሪታንያ ባንድ ኪቦርድ ተጫዋቹ ሪክ ዌክማን ሲለየው ቫንጌሊስን ጋበዘ። ቫንጌሊስ ከእነሱ ጋር ቢለማመድም ባንዱን አልተቀላቀለም። ከዚያ ያተረፈው የድምፃዊውን የጆን አንደርሰንን ወዳጅነት ነው፤ ሁለቱ ከ1980 ጀምሮ በጋራ አልበሞችን አወጡ። አብረው የጻፉትን «ስቴት ኦፍ ኢንዲፔንደንስ» ዶና ሰመር በ1982 በኩዊንሲ ጆንስ ፕሮዲውሰርነት ደግማ ዘፍናዋለች።

ቫንጌሊስ ቀድሞ በከለከለችው ለንደን ውስጥ ማርብል አርች አጠገብ የራሱን ስቱዲዮ ከፍቶ ኔሞ አለው። ሲንተሳይዘሮቹን፣ ፒያኖውንና ከበሮዎቹን እጁ በሚደርስበት ርቀት ዙሪያውን ደረደራቸው፤ የድምፃቸውን ከፍታ በእግሩ ፔዳል ይቆጣጠራል። ሁሉም ከቴፕ መቅረጫው ጋር እንደተገናኙ ስለሚቆዩ ሐሳብ በመጣ ሰዓት ተቀምጦ መጫወት ብቻ ይበቃዋል። ብዙዎቹ ሥራዎቹ በአንድ ጊዜ ተቀምጦ የተጫወታቸው ቀረጻዎች ናቸው። እዚያ ከተሠሩት መካከል የ1975ቱ «ሄቨን ኤንድ ሄል» አንድ ክፍል ካርል ሴገን በ1980 ያቀረበው «ኮስሞስ» የተባለ የሳይንስ ፕሮግራም መለያ ዜማ ሆነ።

በኋላ ወደ ኔሞ የገባው ያማሃ ሲኤስ-80 ለዚህ አሠራር የተፈጠረ ይመስላል። ክብደቱ ወደ 100 ኪሎ ግራም የሚደርስ፣ ስምንት ድምፅ በአንድ ጊዜ የሚያወጣ ሲንተሳይዘር ነው። ትልቁ ችሎታው ግን ጣትን መስማቱ ነው፤ ቁልፉ ከተነካ በኋላ ግፊቱ ሲጨምር የዚያ ቁልፍ ድምፅ ብቻ ይለወጣል። ከቁልፎቹ በላይ የተዘረጋው ሪባን ላይ ጣት ሲንሸራተት ድምፁም እንደ ሰው ድምፅ እየተጎተተ ይወጣል ወይም ይወርዳል። የቫንጌሊስ ሥራዎች በኤሌክትሪክ የተሠሩ ሆነው ሳሉ የሚተነፍሱ የሚመስሉት በዚህ የተነሣ ነው።

እርግጥ ኤሌክትሮኒክ ድምፅ ወደ ፊልም የገባው በእሱ አይደለም። ሉዊስና ቢቢ ባሮን በ1956 «ፎርቢድን ፕላኔት» የተባለውን ፊልም ሙሉ በሙሉ በኤሌክትሮኒክ ድምፅ አጅበዋል። ዌንዲ ካርሎስ በ1971 ለ«ክሎክዎርክ ኦሬንጅ» የክላሲካል ሥራዎችን በሲንተሳይዘር ተጫውታለች። ጆርጂዮ ሞሮደር በ1978ቱ «ሚድናይት ኤክስፕረስ» ኦስካር አግኝቷል። የሮክ ኪቦርዲስቶችም ወደ ፊልም እየመጡ ነበር፤ የኢመርሰን፣ ሌክ ኤንድ ፓልመሩ ኪት ኢመርሰን በ1980 ለዳሪዮ አርጀንቶ «ኢንፈርኖ» ሙዚቃ ሠርቷል፤ የጀነሲሱ ቶኒ ባንክስም ወደዚሁ ሙያ ገብቷል። ሲንተሳይዘሩ ግን በአብዛኛው የሚጠራው ለጠፈር፣ ለፍርሃት ወይም ለዘመናዊ ከተማ ነበር።

ዳይሬክተሩ ሂዩ ሀድሰን «ቻሪየትስ ኦፍ ፋየር» የተባለ ፊልም ይዞ ሲመጣ ይህ ልማድ ተሰበረ። ታሪኩ በ1924ቱ የፓሪስ ኦሎምፒክ ስለተወዳደሩት ብሪታንያውያን ሯጮች ሃሮልድ አብርሃምስና ኤሪክ ሊደል ነው፤ አለባበሱም አነጋገሩም የዚያ ዘመን ነው። ሀድሰን ሯጮቹ በባሕር ዳርቻ ለሚሮጡበት መክፈቻ «ኦፔራ ሶቫዥ» ውስጥ ያለውን «ላንፋን» የተባለ ሥራ ለመጠቀም አስቦ ነበር። ቫንጌሊስ ግን የተሻለ እንደሚሠራለት አሳመነው። በፒያኖ የሚወጣውን ዜማ ከሥሩ በሚመታው የሲንተሳይዘር ምት ላይ አስቀመጠው፤ አባቱ ሯጭ ስለነበር ሥራውን ለእሱ ሰጠው። ስለ 1924 የሚተርክ ፊልም በ1981 መሣሪያ መታጀቡ ለወግ አጥባቂ ሰው ድፍረት ነበር። ተመልካቹ ግን ሩጫውን በደም ሥሩ ሰማው።

የኦስካር ሽልማቱ የተሰጠው ማርች 29 ቀን 1982፣ ቫንጌሊስ 39 ዓመት በሞላበት ዕለት ነው። ከዕጩዎቹ መካከል ጆን ዊሊያምስ «ሬይደርስ ኦፍ ዘ ሎስት አርክ» በተባለው ታላቅ የኦርኬስትራ ሥራው ነበረበት። ቫንጌሊስ ሥነ ሥርዓቱ ላይ አልተገኘም። ዜማው በዚያው ዓመት ሜይ ወር በአሜሪካ የነጠላ ዜማዎች ሰንጠረዥ አንደኛ ወጣ።

ይህ ዜማ የእኛንም ሰዎች አግኝቷቸዋል። በ2012 የለንደን ኦሎምፒክ አሸናፊዎች ሜዳሊያ ለመቀበል ሲወጡ ይጫወት የነበረው እሱ ነው። ጥሩነሽ ዲባባ በ10,000 ሜትር፣ መሠረት ደፋር በ5,000 ሜትር፣ ቲኪ ገላና በማራቶን ወርቅ ባጠለቁባቸው ሥነ ሥርዓቶች፣ የኢትዮጵያ መዝሙር ከመዘመሩ በፊት የተሰማው የአንድ ሯጭ ልጅ ለሯጭ አባቱ የሠራው ዜማ ነበር።

ሽልማቱ ሲሰጥ ቫንጌሊስ ከዳይሬክተሩ ከሪድሊ ስኮት ጋር «ብሌድ ራነር» የተባለ ፊልም ላይ እየሠራ ነበር። ተቆርጠው የተገጣጠሙት ትዕይንቶች በቪዲዮ ካሴት ኔሞ ይደርሱታል፤ እሱም እያያቸው ይጫወታል። ፊልሙ እንደ መጪ ዘመን የሳላት፣ ዝናብ የማያቋርጥባት የ2019 ሎስ አንጀለስ በሲኤስ-80 ረጅም ጥሩምባ መሰል ድምፅ ተሞላች። በዚያ ላይ የዲክ ሞሪሲ ሳክስፎን፣ የሜሪ ሆፕኪን ዜማና የቀድሞ ባንድ ጓደኛው የሩሶስ ድምፅ ተጨመሩ። ፊልሙ በወጣበት ዓመት ገበያ አጣ፤ የማጀቢያው ሙዚቃም በአልበም እንደሚወጣ በፊልሙ መጨረሻ ላይ ቢገለጽም ሳይወጣ ቀረ። በምትኩ በኦርኬስትራ የተጫወተ ቅጂ ተሸጠ፤ አድናቂዎችም የቫንጌሊስን ቅጂ በስውር ሲቀባበሉ ቆዩ። ትክክለኛው አልበም የወጣው ከ12 ዓመት በኋላ፣ በ1994 ነው።

አዲሱ አሠራር ግን ሁሉን አላስደሰተም። በዚያው በ1982 የብሪታንያ ሙዚቀኞች ማኅበር የማዕከላዊ ለንደን ቅርንጫፍ ሲንተሳይዘር እንዲገደብ የሚጠይቅ ሐሳብ አጸደቀ። ስጋቱ መሠረት ነበረው። አንድ ሰው በአንድ ክፍል ውስጥ የሠራው የፊልም ሙዚቃ ኦስካር ካገኘ፣ ቫዮሊን ይዞ ስቱዲዮ በር ላይ የሚጠብቀው ሰው ቢጨነቅ አያስደንቅም።

ቫንጌሊስ በዚያው በ1982 ለኮስታ ጋቭራስ «ሚሲንግ»፣ ከዚያ በኋላ ለጃፓናዊው ኮሬዮሺ ኩራሃራ «አንታርክቲካ»፣ ለሪድሊ ስኮት ደግሞ በ1992 «1492» የተባሉ ፊልሞች ሙዚቃ ሠራ። የመጨረሻው ፊልም በአሜሪካ ባይሳካለትም ዋናው ዜማ በአውሮፓ ከፊልሙ በላይ ኖረ። ጀርመናዊው ቦክሰኛ ሄንሪ ማስከ ወደ ሪንግ የሚገባበት ሙዚቃ አድርጎት በ1995 በጀርመን አንደኛ ደረጃ ያዘ። በ2001 «ሚቶዲያ» የተባለውን ሥራውን አቴንስ በሚገኘው በኦሊምፒያው ዜውስ ቤተ መቅደስ፣ ከጄሲ ኖርማንና ካትሊን ባትል ጋር አቀረበ፤ ሥራው ከናሳ የማርስ ኦዲሲ ጉዞ ጋር የተያያዘ ነበር። ሜይ 17 ቀን 2022 ፓሪስ ውስጥ በ79 ዓመቱ ዐረፈ።

አሠራሩ ግን ተስፋፍቷል። በ1979 በተሠራው በበግልስ ባንድ የሙዚቃ ቪዲዮ ላይ ኪቦርድ ሲጫወት የሚታየው ወጣቱ ሃንስ ዚመር በ1988 የ«ሬይን ማን» ፊልምን ሙዚቃ በአመዛኙ በሲንተሳይዘር ሠራ፤ በ2017 ከቤንጃሚን ዎልፊሽ ጋር «ብሌድ ራነር 2049»ን ሲያቀናብርም ወደ ሲኤስ-80 ተመልሷል። ከሮክ የመጡት ትሬንት ሬዝነርና አቲከስ ሮስ «ዘ ሶሻል ኔትወርክ» በተባለው ፊልም በ2011 ኦስካር ወስደዋል። ዛሬ ዳይሬክተሩ ሙዚቃውን ለመስማት ኦርኬስትራው የሚሰበሰብበትን ቀን አይጠብቅም፤ አቀናባሪው ስክሪኑን ከፊቱ፣ ኪቦርዱን ከእጁ ሥር አድርጎ የሠራውን ያሰማዋል፤ ካልተስማማው በዚያው ከሰዓት በኋላ ይለውጥለታል። ኦርኬስትራ ቢጠራ እንኳ አብዛኛውን ጊዜ የሚጠራው ዜማው በኪቦርድ ተጫውቶ፣ ተሰምቶ፣ ከጸደቀ በኋላ ነው።