ደበበ እሸቱ፦ ከረዳት ተዋናይነት ወደ መሪ ተዋናይነት

እ.ኤ.አ. በ1973 ለዕይታ የበቃው የሆሊውድ የድርጊት ፊልም «ሻፍት በአፍሪካ» በከፊል የተቀረጸው በአገራችን ነው። ይሁን እንጂ ዓለሜ የሚል የእኛን ስም የያዘችውን የአሚሩን ልጅ የተጫወተችው አሜሪካዊቷ ቮኔታ ማክጊ ስትሆን፣ አባቷን የተጫወተው የጉያና ተወላጁ ሳይ ግራንት ነበር። በመድረክ ሥራው በአገሩ የታወቀው ደበበ እሸቱ ያገኘው ዋሳ የተባለውን ገጸ ባሕርይ፣ ማለትም የረዳት ተዋናይነትን ቦታ ነው። እንዲህ ያለውን ሚና የፊልም ታሪካችን እንደ ተራ ገጠመኝ ሊያልፈው አይገባም ባይ ነኝ፤ የውጭ ካሜራ ከምድራችን ምን እንደ ፈለገ፣ ከተዋንያናችንስ ምን ያህል እንደ ጠየቀ የሚለካው በእርሱ ነውና።

ከ41 ዓመታት በኋላ ባዚ ጌቴ ባዘጋጀው «ቀይ ቅጠሎች» በተሰኘው የእስራኤል ፊልም ደበበ መሪ ተዋናይ ሆነ። ሚናው ሚስቱን በሞት ካጣ በኋላ ቤቱን ሸጦ በልጆቹ ቤት የሚዞር፣ የሼክስፒርን ንጉሥ ሊር የሚያስታውስ ቤተ እስራኤላዊ አባት ነው። ይህ አባት በአብዛኛው የሚናገረው በአማርኛ ነው።