ዘጠኝ ጊዜ አሸንፎ ሳይጠራ የቀረው ቡድን

ሰርግ ሳይጠራ የቀረ ሰው ኋላ ምነው ብሎ ቢጠይቅ የሚያገኘው መልስ የታወቀ ነው። «ውይ፣ ረስተንህ እኮ ነው!» ይሉታል፤ ወይም «ድንኳኑ ጠቦን ነው» ይሉታል። «አንተን አንፈልግም» ብሎ ፊት ለፊት የሚናገር ደጋሽ የለም። ዛሬ ላወጋችሁ ያሰብኩት የአንድ ኮሌጅ ቡድን ታሪክም እንዲህ ያለ የጥሪ ታሪክ ነው። ቡድኑ በ1951 ዓ.ም. ዘጠኝ ጊዜ ተጋጥሞ ዘጠኙንም አሸነፈ። አንድም ቀን አልተረታም፤ አንድም ቀን እኩል አልወጣም። ድግሱ ሲደርስ ግን ማንም አልጠራውም። (ዓመተ ምሕረቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።)

አስቀድሜ አንድ ነገር ላስረዳ። አሜሪካኖች «ፉትቦል» ሲሉ እኛ የምናውቀውን እግር ኳስ ማለታቸው አይደለም። የነሱ ኳስ እንደ እንቁላል ሞላላ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜም በእጅ ይወረወራል፣ ታቅፎ ይሮጣል። አሥራ አንድ ሰው ከአሥራ አንድ ሰው ጋር ደረት ለደረት ይጋጫል። ኳሱን ይዞ የባላጋራውን የመጨረሻ መስመር የረገጠ ተጫዋች «ተችዳውን» አገባ ይባላል። ሜዳው ከመስመር እስከ መስመር 100 ያርድ፣ ማለትም 91 ሜትር ያህል ነው። ኮሌጆች በመከር ወራት እርስ በርሳቸው ሲጋጠሙ ይሰነብቱና በአዲሱ ዓመት መባቻ ላይ «ቦውል» የሚባሉ የክብር ግጥሚያዎች ይደረጋሉ። በዚያ ዘመን አብዛኛው ቦውል ማጣሪያ አልነበረውም። የሚገባው አዘጋጆቹ የጋበዙት ቡድን ብቻ ነው። የተጋበዘ ኮሌጅ ስሙ ይገናል፤ ከበር ከሚሰበሰበው ገንዘብም ደኅና ድርሻ ያገኛል። ይህንን የገንዘቡን ነገር ልብ በሉልኝ፤ ኋላ እንመለስበታለን።

ቡድኑ የሳን ፍራንሲስኮ ዩኒቨርሲቲ ነው። ዩኒቨርሲቲው ኢየሱሳውያን ካህናት የሚያስተዳድሩት አነስተኛ የካቶሊክ ትምህርት ቤት ነበር። የቡድኑ ቅጽል ስም «ዶንስ» ይባላል። አሠልጣኙ ጆ ኩሃሪች ቀልድ የማያውቅ ሰው ነበርና ከውድድሩ በፊት ልጆቹን ኮርኒንግ ወደምትባል ሐሩር የካሊፎርኒያ ከተማ ወስዶ አሳራቸውን አበላቸው። የዩኒቨርሲቲውን የስፖርት ወሬ ለጋዜጦች የሚያሰራጨው ደግሞ ፒት ሮዜል የሚባል የሃያ አምስት ዓመት ወጣት ነበር። ይህ ወጣት ከ1960 እስከ 1989 የአሜሪካ ሙያተኞች ፉትቦል ማኅበር የበላይ ኃላፊ ሆኗል።

ከተጫዋቾቹ መካከል ጂኖ ማርኬቲ አንዱ ነው። የኢጣልያ ስደተኞች ልጅ ነው፤ ገና በአፍላነቱ ዘምቶ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በአርዴን ጦር ሜዳ የተዋጋ ወታደር ነበር። ቦብ ሴንት ክሌር ደግሞ ቁመቱ ከሁለት ሜትር በላይ የሆነ ግንብ የሚያህል ሰው ነው። የዚህ ታሪክ ማዕከል ግን ሁለቱ ጥቁሮች፣ ኦሊ ማትሰንና በርል ቶለር ናቸው። ማትሰን የተወለደው ቴክሳስ ውስጥ ትሪኒቲ በምትባል ከተማ ነው። ቶለር የሜምፊስ፣ ቴነሲ ልጅ ነው። ሁለቱም የደቡብ ተወላጆች ሲሆኑ ወደ ካሊፎርኒያ መጥተው በ1948 በሳን ፍራንሲስኮ ከተማ ኮሌጅ ያልተሸነፈ ቡድን ውስጥ አብረው ተጫውተዋል። ከዚያ ነው ተያይዘው ወደ ዶንስ የመጡት።

እንግዲህ ወደ 1951 እንግባ። ቡድኑ ሳን ሆዜ ስቴትን ሁለት ጊዜ ገጥሞ አንዱን 39 ለ 2፣ ሌላውን 42 ለ 7 ረታ። በኦክቶበር አገሩን አቋርጦ ኒውዮርክ ሄደና ፎርድሃም ዩኒቨርሲቲን ገጠመ። ይህ የዓመቱ ጭንቅ ግጥሚያ ነበር። ማትሰን የፎርድሃም ልጆች የጠለዙትን ኳስ ተቀብሎ፣ ሁለት ጊዜ 90 ያርድና ከዚያም በላይ ሮጦ አገባ። ሜዳውን ከዳር እስከ ዳር አንድ ሰው ሁለት ጊዜ ሲያቋርጠው አስቡት! ውጤቱ 32 ለ 26 ሆነ፤ በጠባቡ አመለጡ። ዓመቱ ሲያልቅ ማትሰን 1,566 ያርድ ሮጦና 21 ተችዳውን አግብቶ ከመላው አገሪቱ ሯጮች አንደኛ ወጣ። ያም ሆኖ የዓመቱ ምርጥ የኮሌጅ ተጫዋች የሚሸለመውን የሃይስማን ሽልማት የወሰደው የፕሪንስተኑ ዲክ ካዝማየር ነው። ማትሰን በድምፅ ቆጠራው ዘጠነኛ ሆነ።

ዘመኑ ምን ዓይነት ዘመን እንደነበረ ለማወቅ በዚያው ኦክቶበር ኦክላሆማ ውስጥ የሆነውን ማየት ይበቃል። የድሬክ ዩኒቨርሲቲ ኮከብ የነበረው ጥቁሩ ጆኒ ብራይት ኳሱን ለሌላ አቀብሎ ቆሞ ሳለ፣ የኦክላሆማ ኤ ኤንድ ኤም ተጫዋች መንጋጋውን መትቶ ሰበረው። የጋዜጣ ፎቶግራፍ አንሺዎች ድርጊቱን በተከታታይ ቀርጸውት ስለነበር ፎቶግራፎቹ በ1952 የፑሊትዘርን ሽልማት አገኙ። መቺው ግን በሊጉ አልተቀጣም። እዚያ መንጋጋ የሰበረው ቡጢ ነው፤ ሌላ ቦታ ደግሞ ያንኑ ሥራ የግብዣ ደብዳቤ ይሠራው ነበር።

በኖቬምበር ዶንስ ስቶክተን ከተማ ሄደው የፓሲፊክ ኮሌጅን 47 ለ 14 አደቀቁት። ፓሲፊክ ደካማ ቡድን አልነበረም፤ የቦውል ሰዎችም ይህንን ግጥሚያ በዓይነ ቁራኛ ይከታተሉት ነበር። ከዚያ በመጨረሻ በፓሳዴናው የሮዝ ቦውል ስታዲየም ሎዮላን 20 ለ 2 አሸነፉና ዘጠኙን ሞሉ። በአገር አቀፍ ደረጃ 14ኛ ተባሉ። ቀጥሎ የቀረው ስልኩ እስኪጮህ መጠበቅ ብቻ ነበር።

ስልኩ አልጮኸም። በደቡብ በኩል ኦሬንጅ ቦውል ማያሚ፣ ሹገር ቦውል ኒው ኦርሊንስ፣ ጌተር ቦውል ጃክሰንቪል ይደረጋሉ። ሦስቱም ከተሞች ጥቁርና ነጭ በሕግ የሚለያይባቸው ነበሩ። የተሰጠው ምክንያት «የገጠማችኋቸው ቡድኖች ደካሞች ናቸው» የሚል ነው። ይኸው፣ «ድንኳኑ ጠቦን ነው» ማለት ይኼ ነው! እርግጥ ነው፣ ታሪክ ጸሐፊ ፍርዱ ትክክል እንዲሆን የተከሳሹንም ቃል መስማት አለበት። ከዶንስ ባላጋራዎች ሁለቱ የጦር ሠፈር ቡድኖች ነበሩ፤ ይህ አይካድም። ይሁን እንጂ የተጋበዙትን እንቁጠራቸው። ኦሬንጅ ቦውል ጆርጂያ ቴክንና ቤይለርን ጠራ። ሹገር ቦውል ሜሪላንድንና ቴነሲን ጠራ። ጌተር ቦውል ማያሚንና ክሌምሰንን ጠራ። ስድስት ቡድን ነው፤ ከስድስቱ በአንዱ ውስጥ እንኳ አንድ ጥቁር ተጫዋች አልነበረም። ምክንያቱን ከአፋቸው ሳይሆን ከዝርዝሩ ማንበብ ይሻላል።

ተጫዋቾቹ ኋላ ደጋግመው እንደተናገሩት፣ ጥቁሮቹን ሁለቱን ትታችሁ ከመጣችሁ ይሆናል የሚል መልእክት ደርሷቸው ነበር። ምን አደረጉ መሰላችሁ? ስብሰባ ጠርተው ተከራከሩ? ድምፅ ሰጡ? የለም። ያለ ማትሰንና ያለ ቶለር የትም አንሄድም አሉ፤ ነገሩ በዚያው አለቀ። እኔን በጣም የሚገርመኝ ይህ ነው። ድምፅ ሳይሰጥበት መቅረቱ! አንዳንድ ጥያቄ አለ፣ ለድምፅ ማቅረቡ ራሱ ግማሽ ሽንፈት ነው። «ጓደኛችንን እንሽጠው ወይስ አንሽጠው?» ተብሎ እጅ ከተቆጠረ፣ አንሽጠው ያለው ወገን ቢያሸንፍ እንኳ ያ ጓደኛ ነገ ከማን ጋር እንደሚጫወት አያውቅም።

እዚህ ላይ ታሪኩን ከመጠን በላይ እንዳናሳምረው ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ይህንን ያደረጉት የመጀመሪያዎቹ እነሱ አይደሉም። በ1946 የፔንሲልቫኒያ ስቴት ቡድን ጥቁሮቹን ቤት ትቶ ከሚሄድ ብሎ ከማያሚ ጋር የነበረውን ግጥሚያ ሰረዘ። በ1948 ላፋየት ኮሌጅ ኤል ፓሶ በሚደረገው ሰን ቦውል ሲጋበዝ ዴቪድ ሾወል የሚባለው ጥቁር ተጫዋች መሰለፍ አይችልም ስለተባለ ግብዣውን መለሰ። የላፋየት ተማሪዎችም ተቆጥተው ሰልፍ ወጡ። በሩ በሁሉም ቦታ እኩል የተዘጋ አልነበረም። በጃንዋሪ 1952 ሰን ቦውል የጋበዘው ማንን መሰላችሁ? ዶንስ 47 ለ 14 የደቆሱትን ፓሲፊክን! ያውም ፓሲፊክ ራሱ ኤዲ ማከን የሚባል ጥቁር ተጫዋች ነበረው። ግድግዳው መሰነጣጠቅ ጀምሮ ነበር ማለት ነው። የዶንስ ዕጣ ግን ገና ባልተሰነጠቀው በኩል ወደቀ።

አሁን ወደ ገንዘቡ እንመለስ። ዩኒቨርሲቲው በፉትቦሉ ምክንያት ዕዳ ተሸክሞ ነበር። ስታዲየም የሚሞላ ተመልካች አልነበረውም፤ የቦውል ገቢ ቢገኝ ቀዳዳውን ሊደፍን ይችል ነበር። አልተገኘም። ስለዚህ ያ አንድም ጊዜ ያልተሸነፈ ቡድን በ1951 ውድድር ማግሥት ተበተነ። ኋላ ፉትቦሉ በአነስተኛ ደረጃ ለጥቂት ዓመታት ቢንሰራራም መልሶ ቀረ። ሴንት ክሌር ገና የአንድ ዓመት ትምህርት ይቀረው ነበርና ወደ ተልሳ ዩኒቨርሲቲ ተዛወረ። የእምቢታው ዋጋ ይህ ነበር። «ክብራችንን ጠበቅን» ማለት ቀላል ነው፤ እነዚህ ልጆች ግን ቡድናቸውን ከፍለውበታል።

ሰዎቹስ የት ደረሱ? ማትሰን በ1952 ሄልሲንኪ ኦሊምፒክ ሄዶ በ400 ሜትር ነሐስ፣ በ4 በ400 ሜትር ዱላ ቅብብል ብር አመጣ። በሙያተኞች ፉትቦል ውስጥ ደግሞ ዋጋው እጅግ ከመክበሩ የተነሳ በ1959 የሎስ አንጀለሱ ራምስ እሱን ለማግኘት በዘጠኝ ሰው ለወጠው። ልውውጡን ያደረገው ማን ይመስላችኋል? ያኔ የራምስ ሥራ አስኪያጅ የነበረው ያው ፒት ሮዜል ነው! ማትሰን፣ ማርኬቲና ሴንት ክሌር ሦስቱም በሙያተኞች ፉትቦል የክብር አዳራሽ ስማቸው ተጽፏል።

ቶለር ግን ሙያተኛ ሆኖ አንድ ግጥሚያ እንኳ አልተጫወተም። በ1952 የኮሌጅ ኮከቦች ከሙያተኞች ጋር ባደረጉት ግጥሚያ ጉልበቱ ክፉኛ ተጎዳ። ከዚያ መምህር ሆነ፤ ቀጥሎም በሳን ፍራንሲስኮ የአንድ መለስተኛ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ርዕሰ መምህር ሆነ። በ1965 በሙያተኞች ፉትቦል የመጀመሪያው ጥቁር ዳኛ ሆኖ ወደ ሜዳ ተመለሰ። በጃንዋሪ 1980 ደግሞ የአገሪቱን ትልቁን ግጥሚያ፣ ሱፐር ቦውልን፣ ከዳኙት አንዱ ነበር። በ1951 «አንተ ወደ ሜዳችን አትግባ» የተባለ ሰው፣ ከሃያ ስምንት ዓመት በኋላ ፊሽካ ይዞ የገባውንና የወጣውን የሚፈርድ ሆነ ማለት ነው።

ክብሩ ዘግይቶ መጣ። ዩኒቨርሲቲው በ2006 ለቡድኑ አባላት የክብር ዶክትሬት ሰጠ። ቶለር በ2009፣ ማትሰን በ2011፣ ሴንት ክሌር በ2015፣ ማርኬቲ በ2019 አረፉ። ዛሬ በዩኒቨርሲቲው ግቢ አንድ የተማሪዎች መኖሪያ ሕንፃ በቶለር ስም ይጠራል። እዚያ የሚያድሩት ተማሪዎች ስሙን በየቀኑ በር ላይ ያነቡታል።

ውድ አንባቢ፣ ይህንን የጻፍኩት ስለ ሩቅ አገር ሰዎች ለመፍረድ ብቻ አይደለም። እኛም በየጊዜው ቡድን እንሆናለን፤ የክፍል ቡድን፣ የመኝታ ክፍል ቡድን፣ የጥናት ቡድን። አንድ ቀን ደኅና ነገር ይዞ የሚመጣ ሰው፣ «ሁላችሁም ኑ፤ እገሌ ብቻ ይቅር» ሊለን ይችላል። ምክንያቱንም አሳምሮ ይነግረናል። ያን ጊዜ እጅ አውጥተን ድምፅ እንቆጥራለን? ወይስ እንደነዚያ ልጆች ሳንቆጥር እንቀራለን?