ዋግን ያስራበው ምንድን ነው?

በስደት ላይ በሚገኘው ተማሪ መካከል ስለ ወሎ ሰሜናዊ ክፍል ድርቅ በተነሣ ቁጥር አንድ የተለመደ አባባል ይደመጣል። ይኸውም «አገሩ ድንጋይ ነው፣ ሰማዩም ዝናብ ነፋጊ ነው፤ ሕዝቡ የሚራበው ስለዚህ ነው» የሚል ነው። አባባሉ እውነት የሌለበት ቢሆን ኖሮ በአንድ ቃል ማስተባበል በተቻለ ነበር። ዳሩ ግን ድንጋዩም አለ፤ የዝናቡም እጥረት አለ። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ የዋግን ምድርና የዋግን ታሪክ ጎን ለጎን አድርገን፣ ድርቅ እስከ የት ድረስ የተፈጥሮ ጉዳይ እንደሆነና ከየት ወዲህ ደግሞ የመንግሥትና የገበያ ጉዳይ እንደሚሆን ለመመርመር እንሞክራለን።

በንጉሠ ነገሥቱ ዘመን በወሎ ጠቅላይ ግዛት ሥር የዋግ አውራጃ ይባል የነበረውና ዛሬ በአማራ ክልል የዋግ ኽምራ ብሔረሰብ አስተዳደር የተባለው አገር ከላስታ በስተሰሜን፣ ከተከዜ በስተምሥራቅ ይገኛል። ዋና ከተማው ሰቆጣ ከባሕር ወለል በላይ 2,200 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ የተቆረቆረ ነው። በደሃናና በጋዝጊብላ በኩል ገብስና ባቄላ የሚበቅልበት ብርዳማ ደጋ አለ። ከሰቆጣ ወደ ተከዜ ሲወረድ ግን አገሩ እየሞቀና እየተራቆተ ሄዶ የዝቋላ፣ የሳህላና የአበርገሌ ቆላ ይደረሳል። በዚያ የሚበቅለው ማሽላ ነው፤ የሚረባው ፍየል ነው፤ በየገደሉ የሚታየውም የዕጣን ዛፍ ነው። ነዋሪው በአብዛኛው ኽምጣንጋ የሚናገረው የኽምራ አገው ሲሆን፣ አማርኛም ከጥንት ጀምሮ አብሮ የሚነገርበት አገር ነው። በ1999 ዓ.ም. በተደረገው ቆጠራ የሕዝቡ ቁጥር ከ426,000 በላይ ሆኖ ተገኝቷል፤ ከአሥሩ ዘጠኙ የሚበልጠውም የገጠር ሰው ነው።

ስለ ዝናቡ ጥቂት ማለት ያስፈልጋል። እኛ በምንኖርበት በኮሎምበስ ሰሜን ጫፍ፣ በፖላሪስ አካባቢ፣ በዓመት 1,000 ሚሊ ሜትር ያህል ዝናብና በረዶ ይወርዳል። ሰቆጣ ደህና በሚባል ዓመት የሚያገኘው የዚህን ግማሽ ወይም ከዚያ ጥቂት ከፍ ያለ ነው። እንግዲህ በመጠን ብቻ ከታየ ልዩነቱ ተስፋ የሚያስቆርጥ አይደለም። ነገር ግን የኦሃዮው ዝናብ በአሥራ ሁለቱ ወራት ተከፋፍሎ ሲዘንብ፣ የዋጉ አብዛኛው በሐምሌና በነሐሴ ተጠቃልሎ ያልቃል። በእነዚያ ሁለት ወራት የሚወርደው ውሃ አፈር በሌለው ቁልቁለት ላይ ስለሚወርድ ወደ መሬት አይሰርግም፤ ጎርፍ ሆኖ የቀረውን አፈር እየጠረገ ተከዜ ይገባል። ተከዜም ወደ አትባራ፣ አትባራም ወደ ዓባይ ያደርሰዋል። ዝናቡ ሐምሌ አጋማሽ ላይ ቢጀምርና ነሐሴ ሳያልቅ ቢያቆም፣ በዓመቱ መዝገብ ላይ የሚጻፈው ቁጥር እምብዛም ሳይጎድል ማሽላው ዘለላ ሳያወጣ ይደርቃል።

የዋግ ገበሬ ይህን ጠባይ ከማንም ይበልጥ ያውቀዋል፤ ኑሮውንም ያደራጀው በዚሁ መሠረት ነው። የበልጉ ጠብታ ከመጣ ማሽላ ይዘራል፤ ከቀረ ክረምቱን ጠብቆ ጤፍ ይዘራል። ከእርሻው ጎን ፍየልና ንብ ይይዛል። የአበርገሌ ፍየል በዘሩ የታወቀ ነው፤ የዋግ ነጭ ማርም በገበያ የሚፈለግ ነው። እንዲህ ሲታይ ፍየሉም ሆነ ቀፎው ለክፉ ቀን የተቀመጠ ገንዘብ ማለት ነው። ሴቶችና ልጃገረዶች በበጋ የሰዓታት መንገድ ተጉዘው፣ አሸዋ ቆፍረው ውሃ ይቀዳሉ፤ ይህ ሥራ በየትኛውም የምርት መዝገብ ውስጥ ገብቶ አያውቅም።

ትልቁ ነገር ግን በሬ ነው። ጥንድ በሬ ያለው በወቅቱ ያርሳል። አንድ በሬ ያለው ከጎረቤቱ ጋር አቀናጅቶ በተራ ያርሳል፤ ተራው እስኪደርስ ከአጭሩ ክረምት ላይ ቀናት ይጎድሉበታል። ምንም በሬ የሌለው ደግሞ መሬቱን ለባለ በሬው በእኩል ሰጥቶ ከገዛ ርስቱ ምርት ተካፋይ ይሆናል። የድርቁ ዓመት ሲመጣ ሁሉም በአንድ ጊዜ ከብቱን ወደ ገበያ ስለሚያወጣ የከብት ዋጋ ይወድቃል፤ ሁሉም በአንድ ጊዜ እህል ስለሚፈልግ የእህል ዋጋ ይወጣል። በፊት አንድ ፍየል ይገዛው የነበረውን እህል ሦስትና አራት ፍየልም ላይገዛው ይችላል። ፍየሉ ሲያልቅ በሬው ይሸጣል። በሬው የተሸጠበት ገበሬ በሚቀጥለው ዓመት ዝናቡ ቢሠምርለት እንኳ የሚያርስበት የለውም። ድርቁ ካለፈ በኋላም ረሃቡ ሦስትና አራት ዓመት የሚዘልቀው በዚህ መንገድ ነው።

ይህ ምድር ከጥንት ጀምሮ የተረሳ ጠረፍ እንዳልነበረ ማስታወስ ተገቢ ነው። ከሰቆጣ የጥቂት ሰዓት የእግር መንገድ ርቆ ከአንድ አለት የተፈለፈለው የውቅር መስቀለ ክርስቶስ ቤተ ክርስቲያን፣ የዋግ ሹማምንት አስከሬን ያረፈበት፣ እስከ ዛሬ ቆሞ ይታያል። በትውፊት እንደሚነገረው በ1262 ዓ.ም. የዛጉዌ ነገሥታት ዙፋኑን ለይኩኖ አምላክ ሲለቁ፣ ዘራቸው በዋግ ሹምነት አገሩን እንዲገዛ ተፈቀደለት። ከአፋር በረሃ የሚመጣው አሞሌ ጨው በሰቆጣ ገበያ አልፎ ወደ መሃል አገር ስለሚሠራጭ ከተማይቱ በ19ኛው ምዕት ዓመት ስሟ የታወቀ የንግድ ቦታ ነበረች። ዐፄ ቴዎድሮስ በ1860 ዓ.ም. ካለፉ በኋላ ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ተብለው የነገሡት ዋግሹም ጎበዜ ከዚሁ አገር የተነሡ ናቸው። በሐምሌ 1863 ዓ.ም. ዓድዋ አጠገብ በካሣ ምርጫ፣ በኋላ ዐፄ ዮሐንስ በተባሉት፣ ድል ሆነው ተማረኩ። ስለ መሳፍንቱ ይህን ያህል መጻፋችን ለእነርሱ አድናቆት ስላለን አይደለም። የሚነግሥና ዘማች የሚያሰልፍ አገር የሚበላ ትርፍ ነበረው ማለት ነው፤ ያንንም ትርፍ ያወጣው ያው ባለ ፍየሉ ገበሬ ነው። የዘመተው ሠራዊት ሁሉ ስንቁን የሰበሰበው ከመንገዱ ዳር ካለው ጎተራ ነበር። በመስከረም 1930 ዓ.ም. ደጃዝማች ኃይሉ ከበደ በፋሺስቱ ወራሪ ላይ በተነሣው አመፅ ሲገደሉም መንደሩ የከፈለው ዋጋ ከዚህ የተለየ አልነበረም።

ከ1880 ዓ.ም. ጀምሮ የከብት በሽታ በሬውን ፈጅቶ ያስከተለው «ክፉ ቀን» መላውን አገር ያዳረሰ በመሆኑ እዚህ አናትትበትም። ለጥያቄያችን ይበልጥ የሚጠቅመው የ1958ቱ ረሃብ ነው። በዚያን ዓመት ዋግና ላስታ ክፉኛ ተጎዱ። ፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያም የመንግሥቱን የደብዳቤ ልውውጥ መርምረው ስለ ኢትዮጵያ ገጠር ለረሃብ መጋለጥ በጻፉት መጽሐፍ እንዳሳዩት፣ ከወሎ ውስጥ ከወረ ኢሉ የተነሣ የፖሊስ ሪፖርት በ1958 ዓ.ም. መጀመሪያ አገር ግዛት ሚኒስቴር ደርሶ ነበር። ወሬው ከሚኒስቴሩ ተነሥቶ ንጉሠ ነገሥቱ ዘንድ እስኪደርስ 302 ቀን ፈጀ። ንጉሠ ነገሥቱ አንድ ነገር እንዲደረግ ባዘዙ ጊዜ ደግሞ ሚኒስቴሩ ለወሎ ሹማምንት ጻፈ። የጻፈው እህል ስለ መጫን አልነበረም፤ የሞቱት ሰዎች ስም ዝርዝር ተጽፎ እንዲላክለት ነበር። በእግሩ እየተጎተተ ገደል ለገደል የሞተውን ሰው ስም ማን ሊጽፈው ይችላል? 302 ቀን ማለት በዋግ አቆጣጠር አንድ ሙሉ የእርሻ ዓመት ነው፤ ፍየሉ፣ በሬው፣ ዘሩም የሚያልቅበት ጊዜ ነው።

የ1965ቱና የ1966ቱ ረሃብ ለእኛ አንባቢ ይበልጥ የታወቀ ነው። የዩኒቨርሲቲው መምህራን ወሎ ሄደው ፎቶግራፍ ይዘው መመለሳቸውና በግቢው ማሳየታቸው፣ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. የጆናታን ዲምብልቢ ፊልም በብሪታንያ ቴሌቪዥን መታየቱና ዘውዱን ካናጉት ምክንያቶች አንዱ መሆኑ ተደጋግሞ ተጽፏል። የሟቾቹን ቁጥር ከ40,000 እስከ 80,000 የሚያደርሱ አሉ፤ 200,000 የሚሉም አሉ። ሕንዳዊው የኢኮኖሚ ሊቅ አማርትያ ሴን በ1981 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት ጥናት እንዳመለከቱት፣ በዚያን ጊዜ በደሴ ገበያ የእህል ዋጋ እጅግ አልናረም፤ ከወሎም ወደ ውጭ የሚወጣ እህል ነበር። የተራበው ሰው መግዣ አጥቶ ነበርና ገበያው አላየውም።

እዚህ ላይ ራሳችንንም መውቀስ ይገባናል። በየካቲት 1957 ዓ.ም. «መሬት ለአራሹ» ተብሎ አደባባይ ሲወጣ ጥያቄው ትክክለኛ ነበር፤ በደቡብ ላለው ጭሰኛ የሕይወት ጥያቄ ነበር። በዋግና በላስታ ግን አብዛኛው ገበሬ ባለ ርስት ነው። የሚያርሰው መሬት በስሙ እያለ ረሃብ ፈጀው። በሬ ስለሌለው፣ መንገድ ስለሌለው፣ በገበያ ስለተሸነፈና አቤቱታውን የሚሰማ ስለሌለ ስለሚራበው ባለ ርስት ያወጣነው መፈክር አልነበረም። አገሩን ሁሉ በአንድ ቃል ለማንበብ መቸኮላችን ዋግን ከዐይናችን ሰወረብን።

ከ1966 ዓ.ም. ወዲህ የሆነውም ቢሆን ይህንኑ ያጠናክራል። የመሬት አዋጁ በ1967 ዓ.ም. ታወጀ፤ አሥር ዓመት ሳይሞላ በጥቅምት 1977 ዓ.ም. የቢቢሲው ማይክል በርክ በኮረም ሜዳ የተኮለኮለውን ሕዝብ ለዓለም አሳየ። ከዋግ ገደላ ገደል ወጥቶ ኮረም የደረሰው ሕዝብ በእግሩ የሄደው እህል የጫነ መኪና ወደ እርሱ ስለማይመጣ ነው። ዋግ በዚያን ጊዜ የጦር ሜዳ ነበረና ደርግ ለእህሉ ሳይሆን ለዘመቻው ቅድሚያ ሰጠ። ቀጥሎም በሠፈራ ስም 600,000 ያህል ሰው ከሰሜን ወደ ምዕራብና ደቡብ ምዕራብ ቆላ ተጓዘ፤ ብዙው በግድ የተጫነ ነው።

ተከዜ በ2002 ዓ.ም. ተገደበ። 300 ሜጋ ዋት የሚያመነጭ ከፍተኛ ግድብ ከነሐይቁ በአበርገሌና በዝቋላ ግርጌ ተዘረጋ፤ የአካባቢው ወጣቶችም ዓሣ ማስገር ጀመሩ። በሐምሌ 2007 ዓ.ም. መንግሥት በ2030 እ.ኤ.አ. የሕፃናት መቀንጨር እንዲያበቃ የገባውን ቃል «የሰቆጣ ቃል ኪዳን» ሲል በዚህች ከተማ ስም ሰየመው። በ2013 ዓ.ም. የተነሣው ጦርነት ደግሞ ሰቆጣን አዳረሰ፤ የአበርገሌና የጻግብጂ ገበሬ ከብቱን ጥሎ ተፈናቅሎ በሰቆጣ ዙሪያ በመጠለያ ሠፈረ። የ2015ቱ ክረምት ዝናብ በቀረ ጊዜ ከሁሉ ይልቅ የተጎዱት ሳህላ፣ ዝቋላና አበርገሌ ነበሩ። ሦስቱም ተከዜን የሚያዋስኑ ወረዳዎች ናቸው። ውሃው ከገደሉ ሥር ተኝቷል፤ ማሳው ከገደሉ በላይ ነው፤ በመካከል ያለውን ቁልቁለት እንስራ ያዘሉ ሴቶች ይመላለሱበታል።