ፊልም የሚቆርጠው እጅ

እኛ በፍኖተ ሰላምና በቡሬ የምንማር ወጣቶች ፊልም ስናይ የምናደንቀው ተዋናዩን ነው፤ ከተነሣው ሥዕል የቱ እንዲቀር የቱ እንዲጣል የሚወስነውን ሰው ግን ስሙን እንኳ አንጠይቅም። የዚህን ሙያ ታሪክ ለመረዳት ከጣና ማዶ የጎንደሩን ተወላጅ አቶ ኃይሌ ገሪማን ማየት ይበቃል። (ዓመታቱ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

በ1946 ተወለዱ፤ አባታቸው ገሪማ ታፈረ ደራሲና የቴያትር ሰው ነበሩ። አቶ ኃይሌ በልጅነታቸው የታርዛንን ፊልም ሲያዩ ከአፍሪካውያኑ ይልቅ ለታርዛን ይደግፉ እንደ ነበር ተናግረዋል። እጅግ የሚያስደንቅ ነገር ነው! ሥዕሉን ያቀናበረው ሰው ተመልካቹን በገዛ ወገኑ ላይ አስፈረደው ማለት ነው።

በ1967 ወደ አሜሪካ ሄደው በቺካጎ ቴያትር፥ በሎስ አንጀለስ ፊልም ተማሩ። ዘውዳዊው መንግሥት በወደቀበት በ1974 ወደ አገራቸው መጥተው የባለርስትንና የጭሰኛን ኑሮ የሚያሳየውን «ምርት ሦስት ሺ ዓመት» ሁለት ሳምንት በሚያህል ጊዜ አነሡ። በዚያን ዘመን የፊልም ክር በምላጭ ይቆረጥና ይጣበቅ ነበር፤ ለአንዲት ሴኮንድ 24 ሥዕል ያልፋል። ቸኳይ ቆራጭ እርሻውን ባሳጠረው ነበር። ፊልሙ ግን ሥራው የሚፈጀውን ጊዜ ሳይነፍግ አስረዘመው፤ በጥማድ በሬ የሚያርስ የጎጃም ገበሬ ቢያየው ድካሙን ያውቀዋል።

ፊልሙ በ1976 ወጣ። እርሳቸውም በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማሩ ሥራቸውን ቀጠሉ። ስለ ባርነት የሠሩትንና ራሳቸው የቆረጡትን «ሳንኮፋ»ን በ1993 አከፋፋዮች አንቀበልም ቢሏቸው፥ የሲኒማ አዳራሽ ተከራይተው ለሕዝብ አሳዩት።