ያልተጻፈው ሕግ

በ1989 ሎስ አንጀለስ ሬይደርስ የሚባለው የአሜሪካ ፉትቦል ቡድን አርት ሼልን ዋና አሠልጣኝ አድርጎ ሲሾም፣ «በዘመናዊው ሊግ የመጀመሪያው ጥቁር አሠልጣኝ» ተባለ። (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እንጽፋለን።) «ዘመናዊው» የምትለዋ ቃል ቀላል ትመስላለች፤ ከሥሯ ግን አንድ ሰው ተቀብሯል። ፍሪትዝ ፖላርድ ይባላል። ስልሳ ስምንት ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1921፣ አክሮን ፕሮስ የተባለውን ቡድን እየተጫወተም እያሠለጠነም መርቷል።

ፖላርድ በ1894 ቺካጎ ተወለደ። አባቱ ፀጉር አስተካካይ ነበሩ፤ ለልጃቸው ያወጡለት ስም ከባርነት አምልጦ ስመ ጥር ተናጋሪ የሆነው የፍሬድሪክ ዳግላስ ነው። ልጁ ብራውን ዩኒቨርሲቲ ገባ። በ1916 መባቻ በሮዝ ቦውል ግጥሚያ የተሰለፈ የመጀመሪያው ጥቁር ሆነ፤ ቡድኑ ግን 14 ለ 0 ተሸነፈ። በዚያው ዓመት መኸር ብራውን የባለጠጎቹን ልጆች ቤት፣ ዬልን አንድ ሳምንት፣ ሐርቫርድን በሚቀጥለው አሸነፈ። ሰባ አምስት ኪሎ ያህል ብቻ የምትመዝን ሰውነት ያንን ሁሉ ግዙፍ አምልጣ ስትሮጥ ተመልካቹ ምን እንዳለ መገመት ነው።

አክሮን፣ ኦሃዮ ውስጥ ያለች የመኪና ጎማ ከተማ ናት። ፖላርድ በ1919 እዚያ ሄደ። በሚቀጥለው ዓመት ዛሬ ኤን ኤፍ ኤል የሚባለው ሊግ ሲመሠረት፣ አክሮን ስምንት አሸንፎ፣ ሦስት አቻ ወጥቶ፣ አንድም ሳይሸነፍ ሻምፒዮን ሆነ። ኮከቡ ማን ነበር ቢባል፣ ፖላርድ ነዋ! ታዲያ ይህ ኮከብ ከጓደኞቹ ጋር ልብሱን መቀየር አይችልም ነበር። በቡድኑ ባለቤት የሲጋር ሱቅ ለባብሶ፣ ጨዋታው ሊጀመር ሲል በመኪና ሜዳ ይደርሳል። ሲጥሉት ደግሞ እላዩ ላይ እንዳይከመሩበት በጀርባው ተንከባሎ፣ ችካል ያለውን ጫማውን ወደ ላይ ያነሣል። ኳስ መጫወት እንዲህም ነበር። በ1921 ያመጣው ጓደኛው፣ በኋላ በዘፈኑ ዓለም ያወቀው ፖል ሮብሰን፣ በዚያን ጊዜ ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ሕግ ይማር ነበር።

ፖላርድ በ1926 ከሊጉ ወጣ። ከ1933 ጨዋታዎች በኋላ ጆ ሊላርድና ሬይ ኬምፕ ሲሰናበቱ፣ እስከ 1946 ድረስ በሊጉ አንድም ጥቁር አልተሰለፈም። እንግዲህ ታሪክ የምንማር ልጆች ማስረጃ ሲባል ማኅተም ያለበት ወረቀት መፈለግ ይቀናናል። እዚህ ጋ ወረቀት የለም። የቡድን ባለቤቶችም ስምምነት አልነበረንም ሲሉ ኖረዋል። የተጫዋቾቹ ስም ዝርዝር ግን አለ፤ አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ጥቁር ስም የሌለበት ዝርዝር። በእኛ አስተያየት ከዚህ የበለጠ የጽሑፍ ማስረጃ አያስፈልግም። ሕግ ቢጻፍ ኖሮ የሚከሰስበት ሰው ይገኝ ነበር፤ ያልተጻፈው ማንንም ተጠያቂ አላደረገም።

ፖላርድ እጁን አጣጥፎ አልተቀመጠም። በ1935 ሐርለም ውስጥ ብራውን ቦምበርስ የተባለ የጥቁሮች ቡድን ማሠልጠን ያዘ። ስሙ የቦክሰኛው የጆ ሉዊስ ቅጽል ነው። በዚያው በጋ ጆ ሉዊስ ጣሊያናዊውን ካርኔራን ኒው ዮርክ ላይ ሲዘርረው፣ የሐርለም ሰው የኢትዮጵያና የሙሶሊኒ ፍልሚያ አድርጎ ነበር ያየው። ስለዚህ ስሙ ለእኛም ባዕድ አይደለም።

ግድግዳው የተነካው በ1946 ነው፤ እሱም በባለቤቶቹ ደግነት አይደለም። ራምስ የተባለው ቡድን ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛውሮ ኮሊሲየም ስታዲየም ሲጠይቅ፣ የጥቁሮች ጋዜጦች ጸሐፊዎች «ስታዲየሙ የሕዝብ ገንዘብ ነው፤ ጥቁር የማያሰልፍ ቡድን ሊጫወትበት አይገባም» ብለው ተሟገቱ። ኬኒ ዋሽንግተንና ዉዲ ስትሮድ የፈረሙት በዚያ ነው። ለዋሽንግተን ግን ዘግይቶ ነበር፤ ጉልበቱ ተጎድቷል።

የፉትቦል ዝነኞች አዳራሽ ከአክሮን ብዙ በማይርቀው ካንተን በ1963 ተከፈተ። ፖላርድ ከዚያ በኋላ ሃያ ሦስት ዓመት በሕይወት ቆይቶ በ1986 ሞተ። አዳራሹ ያስገባው በ2005 ነው።