የደም ጨረቃ

የደም ጨረቃ ኒንቴንዶ በ2017 እ.ኤ.አ. ባወጣው «ዘ ሌጀንድ ኦፍ ዜልዳ፦ ብሬዝ ኦፍ ዘ ዋይልድ» የቪዲዮ ጨዋታ ውስጥ የተገደሉ ጭራቆችን በአንድ ጊዜ የሚያስነሳ ክስተት ነው። ጨዋታው በሚካሄድበት በሃይሩል ምድር አንድ ቀን በእውነተኛው ሰዓት 24 ደቂቃ ያህል ይፈጃል። ሰባት ቀን፣ ማለትም 2 ሰዓት ከ48 ደቂቃ ገደማ የጨዋታ ጊዜ ሲጠራቀም ጨረቃዋ ቀልታ ትወጣለች፤ እኩለ ሌሊት ላይም የወደቁት ጭራቆች በየቦታቸው ይቆማሉ። ተጫዋቹ ከየሜዳው ያነሳቸው መሣሪያዎችም ይመለሳሉ፤ ሰይፍና ጦር ቶሎ በሚሰበርበት ጨዋታ ይህ ትልቅ እፎይታ ነው። መለኮታዊ አውሬዎች በተባሉት አራት ግዙፍ ማሽኖች ሆድ ውስጥ የተሸነፉት አለቆች ግን አይነሱም።

የሚነሱት ጭራቆች ሁልጊዜ እንደ በፊቱ አይደሉም። ጨዋታው ለተገደሉ ጠላቶች በስውር ነጥብ ይይዛል፤ ነጥቡ ሲያድግ ቦኮብሊን የተባለው ጭራቅ ቀይ ሆኖ በነበረበት ሰማያዊ፣ ከዚያ ጥቁር፣ በኋላም ብርማ ይቆማል።

በ2011 እ.ኤ.አ. የወጣው «ስካይሪም» የተባለው የቪዲዮ ጨዋታ በአንጻሩ ጊዜውን ለእያንዳንዱ ስፍራ ለየብቻ ይቆጥራል፤ ሙሉ በሙሉ የጸዳ ዋሻ እንደገና በጠላት የሚሞላው ከ30 የጨዋታ ቀናት በኋላ ነው። የዜልዳው ዘዴ ይበልጣል፤ የጭራቆቹን መመለስ ከጨዋታው ዋና ጠላት ከክፉው ጋኖን ኃይል ጋር አስተሳስሮ የታሪኩ አካል አድርጎታልና።