ከንጋት በፊት የነቃ ካሜራ

ገና ሳይነጋ ከአጥሩ ውጭ የወንድ ድምፅ ከፍ ይላል፤ የሴት ድምፅ ይቀበለዋል። የቤቱን ጌታ በስሙ እየጠሩ ያወድሱታል፤ ስሙን ቀድመው ከጎረቤት ጠይቀዋል። እማወራዋ እንጀራ ወይም ሳንቲም ይዛ ስትወጣ ዜማው ወደ ምርቃት ይዞራል። ፀሐይ ሳትሞቅ ሌላ ደጃፍ ላይ ናቸው። ላሊበሎች ወይም ሐሚናዎች የምንላቸው እነዚህ ናቸው።

የላስታዋን ከተማ የላሊበላንና የንጉሡን ስም ይዘው ወሎን፣ ጎንደርን፣ ጎጃምንና ሸዋን ሲያዳርሱ ኖረዋል። ማለዳ ማዜም ከተዉ የሥጋ ደዌ ይይዛቸዋል የሚለው እምነት አብሯቸው ተጉዟል። ምርቃታቸውን የሚሻ ሰው እነሱን ግን ይሸሻቸዋል።

እነዚህን ሰዎች በካሜራ የተከተለው ጃፓናዊው የሰው ልጅ ጥናት ባለሙያና ፊልም ሠሪ ኢትሱሺ ካዋሴ ነው። በ2000ዎቹ መጀመሪያ (እ.ኤ.አ.) ጎንደር ገብቶ አዝማሪዎችንና ላሊበሎችን ማጥናት ያዘ። እ.ኤ.አ. በ2005 ላሊበሎች የሚያዜሙበትን ማለዳ በፊልም አሳየ፤ በ2006 በጎንደር የሚሠሩ የአዝማሪ ልጆችን፣ በ2012 ደግሞ ዛር «ፈረሱን» የሚጋልብበትን ሥርዓት አቀረበ። በ2007 የወጣው ፊልሙ ጎንደር ካረፈበት የሆቴል ክፍል አይወጣም፤ ሊጠይቁት ከሚመጡ የጎዳና ልጆች ጋር ካሜራውን እንደያዘ በአማርኛ ሲጨዋወት እንሰማዋለን።

ሙዚቀኛን በካሜራ የመከተል ይህ አቀራረብ በዓለም ሙዚቃ ዘንድ ታላላቅ ዘመዶች አሉት። አሜሪካዊው ዲ. ኤ. ፔኒቤከር ዘፋኙ ቦብ ዲላን እ.ኤ.አ. በ1965 በእንግሊዝ ያደረገውን የሙዚቃ ጉዞ ተከትሎ የሠራው ፊልም በ1967 ለዕይታ በቃ፤ የሮክ ድግሱ ፊልም «ሞንተሬይ ፖፕ» በ1968 ተከተለ። መንገዱን የከፈተው በትከሻ የሚያዝ፣ ምስልና ድምፅን አናብቦ የሚቀርፅ ቀላል መሣሪያ ነበር። ካሜራው ከመድረክ ወርዶ ዘፋኙን መኪናና ሆቴል ክፍል ድረስ ተከተለው። ካዋሴም ሙዚቀኛውን ከሕይወቱ ሳይነጥል ቀረፀ፤ ልዩነቱ የላሊበሎች መድረክ የሰው ደጃፍ መሆኑ ነው።

በላሊበላ በየዓመቱ ለገና ካህናቱ በቤተ ማርያም ዙሪያ ማሜ ጋራ ላይ ቆመው የቤዛ ኩሉን ዝማሬ ሲያቀርቡ ካሜራው ስፍር ቁጥር የለውም። ይገባልም። የከተማዋን ስም የያዙት የማለዳ ዜመኞች ግን በጨለማ መጥተው በጨለማ ያልፋሉ። ልጆቻቸው ሌላ ሥራ ቢመርጡ የሚፈርድባቸው የለም፤ ያኔ ግን ቤተሰብ ለቤተሰብ ያወረሰው ዜማ ከአዛውንቶቹ ጋር ይቀበራል። ከጃፓን ድረስ የመጣ ሰው ዋጋውን ካየ፣ ደጃፋቸው ላይ ሲዜም እየሰሙ ያደጉት የላስታ ልጆች ሊቀድሙት ይገባ ነበር።

አሁንም አልመሸም። ስልክ የያዘ ወጣት ብዙ ነው። ማለዳ ደጃፍዎ ላይ ሲያዜሙ ከሰሙ መጀመሪያ ይስጡ፤ ከዚያ ፈቃዳቸውን ጠይቀው ይቅረፁ። ፈቃዳቸው ከሆነ ስማቸውን፣ አገራቸውንና ቀኑን ይጻፉ። የቀረፁትንም መልሰው ያሰሟቸው፤ ዜማው የእነሱ ነውና።